በወለተ ሐና ስም

ብርቅታይት ሰው ፊት ስትናገር ድምፅዋ ይጠፋል። ስታነብ ግን ሌላ ሰው ትሆናለች። ይህን ራሷም ያወቀችው ሃምሳ ዓመት ካለፋት በኋላ፣ በ2020 ካዚኖዎቹ ሲዘጉ ነው።

ከዚያ በፊት የምትታወቀው በመርፌዋ ነበር። በላስ ቬጋስ ዋና የካዚኖ ጎዳና፣ ስትሪፕ ላይ ካሉት ትልልቅ ሆቴሎች በአንዱ ምድር ቤት፣ የሠራተኛ ዩኒፎርም በሚታደልበት ክፍል ውስጥ፣ ከየሻሽወርቅ ጋር ጎን ለጎን ተቀምጠው ይሰፉ ነበር። የካርታ አጫዋቾች ቁልፍ፣ የአስተናጋጆች ዚፕ፣ የሻንጣ ተሸካሚዎች የተተረተረ ብብት። ክፍሉ መስኮት የለውም። ውጭው ፀሐይ ይሁን አቧራ የሚያውቁት ሺፍት ሊገቡ ከሚመጡት ሰዎች ፊት ነው። ሁለቱም ዲቪ ደርሷቸው የመጡ ናቸው፤ ብርቅታይት ከአዲስ አበባ ሕፃን ልጇን ታቅፋ፣ የሻሽወርቅ ከአሰላ ብቻዋን። ምሳቸውን ከአንድ ዕቃ ይበላሉ። የሻሽወርቅ ክር የምትቆርጠው በጥርሷ ነው። ብርቅታይት መቀሱን ወደሷ ትገፋላታለች፣ እሷ አታየውም፣ ነገም ብርቅታይት ትገፋላታለች። ብዙ ዓመት እንዲህ ኖሩ። ብዙም አያወሩም ነበር።

ማርች ላይ ሁሉም ነገር ሲዘጋ ቤተ ክርስቲያኑም ተዘጋ። ቀሲስ መዝገቡ አንድ የስልክ ቁጥርና ኮድ ለምእመናን ላኩ። ጠዋት ጠዋት የፈለገ ይደውላል፤ ጸሎት ይደርሳል፤ ከዚያ አንድ ሰው ከመጽሐፍ ትንሽ ያነባል፤ በመጨረሻ የታመሙ ሰዎች ስም ይጠራና ሁሉም ድምፁን ከፍቶ «እግዚኦ» ይላል። እንዲያነብ የተጠየቀው ሰው ሁሉ አፈረ። ብርቅታይትም አፍራ ነበር፤ ግን እምቢ ለማለትም ድፍረት ይጠይቃል፤ ያን ያህል ድፍረት አልነበራትም።

ሰንራይዝ ማነር ሰፈር ባለው አፓርታማዋ፣ ልጇ ናርዲ በላፕቶፕ ትምህርቷን ከምትከታተልበት ክፍል አጠገብ፣ መታጠቢያ ቤቱን ዘግታ የገንዳው ጠርዝ ላይ ተቀምጣ አነበበች። ድምፅዋ ከግድግዳው ሴራሚክ ላይ እየተመለሰ ወደ ጆሮዋ መጣ። የማን እንደሆነ ለጊዜው ጠፋባት።

ከዚያን ቀን ጀምሮ አንባቢዋ እሷ ሆነች። ቀሲስ መጽሐፍ ያውሷታል፤ ስትጨርስ ሌላ ይሰጧታል። የቅዱሳን ታሪክ አነበበች፣ የስብከት ስብስብ አነበበች። መጽሐፍ የማንበብ ልማድ አልነበራትም። አሁን ግን ሽንኩርት እየከተፈች እንኳ ትናንት ያነበበችውን ታላምጣለች። ንባቡ ሲያልቅ ሁልጊዜ ስልኳ ይጠራል። የሻሽወርቅ ናት።

«ዛሬ ጥሩ አንብበሻል» ትላታለች። «ግን ሰውየው ነገር ያበዛል። አንዴ ከተናገረ አይበቃውም?»

«ደራሲ ነው እኮ የሻሽ።»

«ደራሲ ከሆነ ይደርስ። ምን ያዞረኛል?»

በጁን ካዚኖዎቹ ሲከፈቱ የሻሽወርቅን ወደ ሥራ ጠሯት። ብርቅታይትን አልጠሩም። የሻሽወርቅ ሥራ ስትሄድም ንባቡን መስማቷን አልተወችም፤ ስልኩን ከስፌት መኪናው አጠገብ ታስቀምጠዋለች። መኸሩ ላይ ቀሲስ የሰጧት አንዲት ትንሽ መጽሐፍ ነበረች፤ ጽሕፈቷ ደቃቅ፣ ሽፋኗ የተቀደደ። ስለ አንድ ነገር ብቻ ነበር የምታወራው፦ እግዚአብሔር ሰውን እንዴት እንደሚያውቀው። ሰው ሌላውን የሚያውቀው ባየውና በሰማው ልክ ነው ትላለች መጽሐፏ። እግዚአብሔር ግን ማንም ጠርቶ ሳይነግረው፣ ሰውየው ራሱ ገና ያልደረሰበትን ራሱን ያውቀዋል። ብርቅታይት ይህን ሁለት ጊዜ አነበበችው። የሻሽወርቅም ያን ቀን ደውላ ስለ ደራሲው ምንም አላለችም። «ነገ ቀጥዪ» ብቻ አለቻት።

ኖቬምበር ላይ የሻሽወርቅ ሳል ጀመራት፤ ሳምንት ሳይሞላ ሆስፒታል ገባች። ጠያቂ አይገባም። በአደጋ ጊዜ እንዲጠራ የተሰጠው ስልክ የብርቅታይት ስለነበር ነርሶቹ የሚነግሯት እሷን ነው። «ሚስ ዘውዴ ዛሬ ኦክስጅን ጨምረንላታል» ይሏታል። ዘውዴ የየሻሽወርቅ አባት ናቸው፤ ከሞቱ ቆይቷል። ብርቅታይት በየቀኑ ስለ ሟቹ አዛውንት ሳንባ የሚነገራት ይመስላት ነበር።

ሆስፒታል በገባች በሁለተኛው ሳምንት፣ አንድ ጠዋት በመስመሩ ላይ የታመሙት ስም ሲጠራ ቀሲስ መዝገቡ ጠየቁ።

«የእኅታችን የየሻሽወርቅ የክርስትና ስሟ ማን ነው?»

 ቀጥሎ ገንዘቤ ድምፅዋን ከፈተች። ገንዘቤ ግሪን ቫሊ ሰፈር ውስጥ አረጋውያን የምትንከባከብ፣ ዝም ማለት የማትችል ሴት ናት።

«ብርቅታይት ታውቃለች ቀሲስ። ከአንድ ዕቃ እየበሉ ነው የኖሩት።»

ብርቅታይት አታውቅም ነበር። እናቷ «የክርስትና ስምሽን ለማንም እንዳትነግሪ፤ ደብተራ እጅ ከገባ ክፉ ነገር ይሠሩበታል» ብለው ነው ያሳደጓት። የየሻሽወርቅም እናት እንዲያው ሳይሉ አልቀሩም። ስለዚህ እሷም ነግራት አታውቅም፣ እሷም ጠይቃት አታውቅም። መጠየቁ ራሱ ነውር ነበር። አሰላ ያሉትን ወንድሟን አቶ ገብረጻድቅን መጠየቅ ይቻላል። ግን እሳቸው መታመሟን አልሰሙም፤ እሑድ እሑድ ሲደውሉ «ኦቨርታይም ይዘዋታል» እያለች የምትደብቃቸው ብርቅታይት ናት። ከሩቅ አገር ተደውሎ የክርስትና ስም ከተጠየቀ ደግሞ ትርጉሙ አንድ ነው። ለፍትሐት ነው።

«ብርቅታይት፣ አለሽ?» አሉ ቀሲስ።

«አለሁ። ወለተ ሐና» አለች።

እንዴት እንደወጣት አታውቅም። የተጠራች መስሏት አቤት እንደማለት ነበር። ወለተ ሐና የራሷ የክርስትና ስም ነው። ከእናቷና ከክርስትና እናቷ በቀር ሰምቶት የሚያውቅ ሰው አልነበረም፤ ሁለቱም ዛሬ በሕይወት የሉም።

«ስለ ወለተ ሐና» አሉ ቀሲስ። ከየቤቱ፣ ከየመኪናው፣ ከየኩሽናው ያለው ሰው ሁሉ ስለሷ «እግዚኦ» አለ።

በዚያው ሳምንት ብርቅታይትም ታመመች። ማሽተት አቃታት፤ አጥንቷን ቆረጠማት። ናርዲ ምግቧን በር ላይ እያኖረች ሄደች። ግን አልጋ ላይ ሳትውል፣ ንባቡን አንድ ቀን እንኳ ሳታቋርጥ ዳነች። የዳነች ዕለት ከሆስፒታሉ ተደወለላት። ሚስ ዘውዴን አስተኝተው ለመተንፈሻ ማሽኑ ሰጥተዋታል።

ስልኩን ዘግታ ቆመች። መጀመሪያ የመጣላት ሐሳብ አስፈራት፤ ስለዚህ ሌላ ሐሳብ ለማሰብ ሞከረች፤ አልሆነላትም። የየሻሽወርቅን ጸሎት እኔ በላሁት፤ ይህ ነበር ሐሳቡ።

ማታ ለናርዲ ነገረቻት። ናርዲ እግሯን ሶፋው ላይ ሰብስባ ሰማቻት።

«ዌይት። ማለት… በአንቺ ስም ፕሬይ አደረጉ፣ ጎድ ደግሞ ላንቺ ሰጠ?»

«እንደዚያ አላልኩም።»

«እንደዚያ ነው ያልሽው ማሚ። ጎድ ኮንፊውዝድ አይሆንም። አንቺ ነሽ ኮንፊውዝድ።»

«እሱስ ልክ ነሽ» አለች ብርቅታይት።

መታጠቢያ ቤት ገብታ ትንሿን መጽሐፍ ከፈተች። ማንም ጠርቶ ሳይነግረው ያውቃል ትላለች። እንግዲያው እኔ ምንም ብል እሱ የሻሽወርቅን አያጣትም ማለት ነው። ትንሽ ቀለላት። ከዚያ ቀሲስ ቀደም ሲል ያዋሷትን ሌላውን መጽሐፍ አወጣች፤ ወፍራም ነው፤ ስለ ጥምቀት ሥርዓት ያስተምራል። እዚያ ላይ ደግሞ፣ ሰው በተጠመቀ ዕለት የሚሰጠው ስም በሰማይ የሚጠራበት ስሙ ነው ይላል፤ በዓለም የምንጠራበት እንደ ልብስ ያረጃል። ሁለቱንም ጭኗ ላይ ዘርግታ አንዱን አንቀጽ ከሌላው ጋር እያነጻጸረች አነበበች። ሁለቱም እውነት ይመስላሉ። ሁለቱንም በዚሁ ድምፅዋ ለሰው አንብባለች፤ ሁለቱንም ስታነብ አምናለች። አብረው ሲቀመጡ ግን አይገጥሙም፤ የሚገጥሙም ከሆነ ስፌቱ የት ላይ እንደሆነ አልታይ አላት።

በማግስቱ ወደ ቀሲስ መዝገቡ ሄደች። ቀሲስ በቀን የሚሠሩት ዕቃ ማከፋፈያ መጋዘን ነው። በምሳ ዕረፍታቸው ጥምጥማቸውን አውልቀው፣ ቢጫ ሰደርያ ለብሰው፣ ከመኪና ማቆሚያው ዳር ጠበቋት። ርቀታቸውን ጠብቀው ቆሙ። ሁሉንም ነገረቻቸው። ጭምብላቸው አፋቸውን ስለሸፈነው ይቆጡ ይሳቁ አልታወቃትም።

«ዋሽቻለሁ» አለች መጨረሻ ላይ።

«ደንግጠሽ ነው።»

«ጸሎቱ ወዴት ሄደ ቀሲስ?»

«እግዚአብሔር ያውቃታል ልጄ። ማንን እንዳልን ያውቃል። ቢሆንም ስሙን ብታገኚው መልካም ነው።»

«ካወቃት ስሙ ለምን ያስፈልጋል?»

ቀሲስ ጓንታቸውን እያወለቁ እየለበሱ ቆዩ። «ይህን እኔም ካርቶን ስደረድር አስበዋለሁ» አሉ። «ስንጠራት እሱን እያስታወስነው ነው? ወይስ ራሳችንን? አባቶች የጻፉት አለ፤ ያነበብኩትን ልነግርሽ እችላለሁ። ግን አሁን የምትፈልጊው እሱ አይመስለኝም። ደውዪላቸው።»

«ይደነግጣሉ።»

«ይደነግጣሉ» አሉ ቀሲስ። ደወል ጮኸና ተመልሰው ገቡ።

ብርቅታይት በቀጣዩ ጠዋት ንባቡን እንደጨረሰች ደወለች፤ አሰላ መሽቷል። አቶ ገብረጻድቅ ጡረታ የወጡ አስተማሪ ናቸው፤ እያንዳንዷን ቃል ለተማሪ እንደሚያጽፉ ያህል ለይተው ነው የሚናገሩት።

«ብርቅታይት፣ ደኅና ናችሁ? የሻሽ ዛሬም ሥራ ላይ ናት?»

«አቶ ገብረጻድቅ፣ አንድ ነገር ልጠይቅዎ ነበር።» ድምፅዋ ጠፋ፤ ፈልጋ አመጣችው። «የየሻሽወርቅ የክርስትና ስም ማን ነው?»

«መቼ?» አሉ።

«ምኑ?»

«መቼ ዐረፈች?»

«አልሞተችም። ታማለች እንጂ አልሞተችም።»

«ተዪው ልጄ። የደንቡን እያደረግሽ ነው። መጀመሪያ ታማለች ይባላል፤ ነገ ብሶባታል ይባላል። ይህን ያህል ዘመን ለሰው መርዶ ሳረዳ የኖርኩ ሰው ነኝ።»

«በእመቤታችን አልሞተችም።»

«ኦቨርታይም ይዘዋታል ስትዪኝም አምኜሽ ነበር» አሉ። ቁጣ አልነበረበትም፤ ያ ነው የባሰው። ከኋላቸው የሴት ድምፅ «ምንድን ነው?» ሲል ተሰማት፤ ከዚያ አንድ ረጅም ጩኸት መጣ። ጎረቤት በር አንኳኳ። ብርቅታይት ከላስ ቬጋስ ሆና በሕይወት ላለች ሰው ለቅሶ ሲቀመጡ እየሰማች ነበር።

«ፎቶ ልልክልዎ» አለች። ነርሷ በታብሌት ያሳየቻት ዕለት ከስክሪኑ ላይ ያነሳችው ነበራት። አፏ ውስጥ ቱቦ፣ ፀጉሯ ተበትኖ። ለማንም አላሳይም ብላ ደብቃው ነበር። ላከችው፤ ጠበቀች። ለቅሶው መልኩን ለወጠ። አቶ ገብረጻድቅ ሲመለሱ እያለቀሱ ነበር፤ ግን አምነዋታል።

«ስሟን የምታውቀው ነፍሷን ይማርና እናታችን ነበረች» አሉ። «እኔ ልጅ ነበርኩ። ወለተ ሥላሴ ወይም ወለተ ኪዳን ነው። ከሷ ቀጥላ የተወለደች እኅት ነበረችን፤ በልጅነቷ ሞተች። አንደኛው ስም የሷ ነው።»

«የትኛው የየሻሽወርቅ ነው?»

«አምታታሁት» አሉ። «ይኸው እስከ ዛሬ እኔም አልጠየቅሁም።»

ብርቅታይት ሰኞ ጠዋት በመስመሩ ላይ፣ መጽሐፉን ሳትከፍት፣ ሁሉንም ተናገረች። ድምፅዋ እንደ ንባብ ድምፅዋ አልነበረም፤ ቀጭንና የሚቆራረጥ ነበር። ስትጨርስ ገንዘቤ ድምፅዋን ከፈተች።

«ታዲያ ይህን ሁሉ ጊዜ ስንጸልይ የከረምነው ላንቺ ነው?»

«አዎ።»

«እኔ እኮ በዚህ ጉልበቴ ተንበርክኬ ነው።» አሰበች። «ካዚኖው እንኳ መልሶ አልጠራሽም። ጸሎታችን ምን ቢደክም ነው?»

አንድ ሰው ሳቀ፤ ሌሎችም ተከተሉ። ብርቅታይት ስትስቅ እንባዋ መጣ። ቀሲስ ሳቁ እስኪበርድ ጠብቀው «ሁለቱንም እንጥራ» አሉ። «አንደኛዋ ሕፃን ብትሆንም ጸሎት አይበዛባትም።»

«ወለተ ሐናስ?» አለች ገንዘቤ።

«ትውጣ» አለች ብርቅታይት።

«ለምን ትወጣለች? ከለመድናት በኋላ።»

ስለዚህ ሦስት ስም ተጠራ፤ አንዲት በማሽን የምትተነፍስ ሴት፣ አንዲት ከሞተች የቆየች ሕፃን፣ አንዲት መታጠቢያ ቤት የተቀመጠች አንባቢ። የትኛው ስም ለየትኛዋ እንደሆነ በመስመሩ ላይ የሚያውቅ ሰው የለም። ብርቅታይት «እግዚኦ» ስትል፣ የሚሰማው እንዴት እየለየ እንደሚሰማ ልታስብ ሞከረችና ተወችው።

የሻሽወርቅ በጃንዋሪ መጨረሻ ከማሽኑ ተላቀቀች። ብርቅታይት ይህ በየትኛው ስም እንደሆነ ለመጠየቅ አልደፈረችም፤ ዶክተሮቹም ሊነግሯት የሚችሉት አይደለም። ነርሷ ታብሌቱን ይዛ ደወለች። የሻሽወርቅ ከስታ ፊቷ ዓይን ብቻ ሆኗል። ነርሷ አስቀድማ ነግራታለች፤ ከረጅም እንቅልፍ የሚነቁ ሰዎች ለጊዜው ይምታታባቸዋል።

«የሻሽ» አለች ብርቅታይት።

የሻሽወርቅ ስክሪኑን አየችው። ብዙ አየችው።

«ማን ነሽ?» አለች፤ ጉሮሮዋ ሻክሯል።

«ብርቅታይት።»

«ብርቅታይት የማን ናት?»

ብርቅታይት የሥራ ጓደኛሽ ልትል ነበር፤ አነሰባት። «አንቺ ባታውቂኝም ግድ የለም፣ እኔ አውቅሻለሁ» አለች። እንዳለችውም ደነገጠች፤ ከዚያች ትንሽ መጽሐፍ የተሰረቀ ዓረፍተ ነገር መሰላት፤ ደግሞም ስሟን እንኳ የማታውቅ ሴት ናት እንዲህ የምትለው።

«እኔ ማን ነኝ ታዲያ?» አለች የሻሽወርቅ። ለማሾፍ አልነበረም። መልሱን ትጠብቅ ነበር።

«የሻሽወርቅ ነሽ። ክር በጥርስሽ ነው የምትቆርጪው።»

«ሌላስ?»

«ዚፕ መትከል አትወጂም፤ ለኔ ታሳልፊዋለሽ። ቲማቲም ለይተሽ ታወጫለሽ። ሊፍት ውስጥ ዓይንሽን ትጨፍኛለሽ።»

«ሌላስ?»

«ነገር የሚያበዛ ሰው አትወጂም።»

የሻሽወርቅ ከንፈር ትንሽ ተንቀሳቀሰ። «ሌላስ?» አለች።

ብርቅታይት ለቀናት የምታወራው ያላት መስሏት ነበር። አለቀባት። አሰላ የቱ ሰፈር ተወለደች? ለምን ብቻዋን መጣች? ሊፍቱ ውስጥ ዓይኗን የምትጨፍነው ምን ፈርታ ነው? ይህን ሁሉ ዓመት ከአጠገቧ ተቀምጣ መቀስ ስትገፋላት ነበር የኖረችው።

«ነገ እነግርሻለሁ» አለቻት። ነርሷ ታብሌቱን አዞረችው።

ናርዲ የመታጠቢያ ቤቱ በር ላይ ቆማ ነበር። «ኦኬይ ናት?» አለች።

ብርቅታይት ግን ወደ አሰላ እየደወለች ነበር። አቶ ገብረጻድቅ ሲያነሱ ትንፋሻቸው ተቆራርጦ ተሰማት፤ ሳይጠይቋት ቀደመቻቸው።

«ነቅታለች። ደኅና ናት። ስለ ልጅነቷ እንዲነግሩኝ ነው የደወልኩት። ነገ ስትጠይቀኝ የምላት እፈልጋለሁ።»

«እሷ አትነግርሽም?»

«ጠፍቶባታል።»

 ወንበር ሲስቡ ተሰማት።

«ውኃ ትፈራ ነበር» አሉ። «ወንዝ ስንሻገር በጀርባዬ ነው የማሻግራት። ዓይኗን ጨፍና አንገቴን…» አቆሙ። «ቆይ። እሷ ናት ወይስ ታናሽየዋ? አሁንም እያምታታሁት እንዳይሆን።»

ብርቅታይት የገንዳው ጠርዝ ላይ ተቀመጠች።

«ግድ የለም» አለች። «ይንገሩኝ።»